የግንፍሌ አፋፍ እና የእማዬ ልብስ ማስጫ

የእማዬ ልብስ ማስጫ መጀመሪያ ያዘነበለው በ2013 ክረምት ነው። በወንዙ በኩል ያለው ብረት ጋደል አለ፣ ሽቦው ረገበ፣ የታጠበው ነጠላ ሁሉ ተንሸራቶ መሃል ላይ ተከመረ። "ሥሩ ውሃ ገብቶ ነው" አልኩ። ዙሪያውን ድንጋይ ጠቀጥኩና ቀጥ አደረግኩት። ሁለት ሳምንት ሳይሞላ ተመልሶ ጋደለ። ያኔ መንቃት ነበረብኝ። አልነቃሁም።

ቤታችን ግንፍሌ ነው። ከአራት ኪሎ ወደ ቀበና ወረድ ብላችሁ ወደ ውስጥ ስትገቡ ታገኙታላችሁ። ጊቢያችን ከፊት አጥር አለው፣ ከኋላ አፋፍ። ከአፋፉ ሥር ወንዙ ነው። በበጋ ወንዝ ብሎ መጥራቱ ራሱ ያሳፍራል፤ ልጆች ጫማቸው ሳይረጥብ ይዘሉታል። ክረምት ላይ ግን ሌላ ነው። እንጦጦ ከ3,000 ሜትር በላይ ነው፣ እኛ 2,400 ገደማ ላይ ነን፣ በመሃል ያለው መንገድ አጭር ነው። ላይ ሲዘንብ እኛ ጋ ገና ፀሐይ እያለ ወንዙ ቀልቶ ይመጣል። የሰፈሩ ትልልቅ ሰዎች ግንፍሌ የተባለው ስለሚገነፍል ነው ይላሉ። እውነት ይሁን አይሁን፣ ስሙ ልክ ነው።

ይህንን የምጽፈው ወንዝ ዳር ለሚኖር ሰው ነው። ቀበና በሉት፣ ባንቲቀጡ በሉት፣ አቃቂ በሉት። እኔ መሐንዲስ አይደለሁም፣ የሒሳብ ሠራተኛ ነኝ። የማውቀው የደረሰብኝን ብቻ ነው። ግማሹን ጥፋት ደግሞ ራሴ ነኝ ያጠፋሁት፤ እሱንም አልደብቅም።

በሐምሌ መጨረሻ ላይ፣ ከአፋፉ አንድ ሜትር ተኩል ገባ ብሎ መሬቱ ላይ መስመር አየሁ። ቢላዋ የሚያስገባ ስንጥቅ ነው። ከልብስ ማስጫው ተነስቶ እስከ ወጥ ቤቱ ጥግ ይሄዳል፣ ከወንዙ ጋር ጎን ለጎን። አንድ ባልዲ ስሚንቶ አቦካሁና ደፈንኩት። ላዩን በማንኪያ ጀርባ አለሰለስኩት። እማዬ አይታ "እንዴት ያምራል" አለችኝ። ያምር ነበር በእውነት።

ነሐሴ 13፣ ቡሄ ማታ፣ ዝናቡ አላባራም። ሆያ ሆዬ የሚጨፍሩት ልጆች ደጃፋችን ደርሰው ሙልሙላቸውን ተቀብለው እየሮጡ ሄዱ። ሌሊቱን ሙሉ ወንዙ ውስጥ ድንጋይ ከድንጋይ ሲጋጭ እንሰማለን። ጠዋት ወጥቼ አየሁ። አፋፉ አለ። ተመስገን ብዬ ቡና ልጠጣ ገባሁ። ውሃው ጎደለ፣ ፀሐይ ወጣች፣ እማዬ ልብስ አጥባ ለማስጣት ተነሳች። አራት ሰዓት ገደማ የጤፍ ጆንያ ከመኪና ሲወረወር የሚሰማው ዓይነት ድምፅ ሰማን። አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ ድው። ወጥተን ስናይ ልብስ ማስጫው የለም። ከስንጥቁ ወዲያ ያለው መሬት በሙሉ፣ ወደ ስምንት ሜትር የሚረዝም፣ ወንዙ ውስጥ ተቀምጧል። የእኔ ስሚንቶ ጠርዙ ላይ እንደ ቅንድብ ተንጠልጥሎ ቀርቷል። እማዬ ባልዲውን እንደያዘች ደርቃ ቆማለች።

አፋፍ ብዙ ጊዜ የሚወድቀው ጎርፉ ሲመጣ አይደለም። ጎርፉ ሲሄድ ነው። ይህንን ማንም አልነገረኝም ነበር። ወንዙ ሲሞላ ውሃው ራሱ አፋፉን ደግፎ ይይዘዋል። አፈሩ በበኩሉ ውሃ ይጠጣል፣ ይከብዳል። ከዚያ ወንዙ በአንድ ጊዜ ሲጎድል ደጋፊው ይሄዳል፣ ክብደቱ ይቀራል። ሥሩ ደግሞ ሌሊቱን ሲቦረቦር አድሯል። ስለዚህ ዝናቡ አቁሞ ፀሐይ ስትወጣ "አለፈልን" ብላችሁ ጠርዝ ላይ አትቁሙ። ልጆች የወደቀውን ሊያዩ ይሮጣሉ፣ አትልቀቋቸው። በሐምሌ 2016 ጎፋ ዞን የሆነውን ሁላችንም ሰምተናል። በመጀመሪያው ናዳ የተቀበሩትን ሊያወጡ የሄዱ ሰዎች ሁለተኛው ናዳ በላያቸው ነው የመጣው። የእኛ አፋፍ ከዚያ ጋር አይወዳደርም፣ ግን አንድ ጊዜ የተናደ ቦታ አርፎ አይቀመጥም።

ስንጥቁን በስሚንቶ መድፈኔም ስህተት ነበር። ስሚንቶ መሬቱን አይዝም፤ ምልክቱን ብቻ ይደብቃል። አሁን ስንጥቅ ካየሁ ውሃ እንዳይገባበት በአፈር ጠቅጥቄ እሞላና ከላይ ላስቲክ አለብሰዋለሁ። ከዚያ ወዲህና ወዲያ ሁለት ካስማ እተክላለሁ፣ በመሃላቸው ያለውን ርቀት በሜትር ለክቼ ደብተር ላይ እጽፋለሁ፣ ከነቀኑ። በሳምንቱ እንደገና እለካለሁ። ርቀቱ ከሰፋ ማንም ባለሙያ ሊነግረኝ የሚችለውን ነገር ያወቅኩት በሁለት እንጨት ነው። ከተቻለ ፎቶም አንሱ፣ ሁልጊዜ ከአንድ ቦታ ላይ ቆማችሁ። በኋላ አንድ ቢሮ ሄጄ ስመላለስ፣ ከወሬዬ ይልቅ የሰሙኝ ያንን ደብተር ነው።

ቀጥሎ የሠራሁት ጥፋት ግን ከስሚንቶው ይብሳል። ግንብ አስገነባሁ።

በየካቲት 2014 ነው። አንድ ግንበኛ አምጥቼ ከአፋፉ ሥር ወፍራም የድንጋይ ግንብ አስጀመርኩ። ድንጋይ ውድ ነው፤ ለማጓጓዝም መኪና ወደ ውስጥ አይገባም። ግንበኛው ወንዙን አየና "ጌታዬ፣ ድንጋይ ከፊትህ ተሰጥቶ ምን ትገዛለህ?" አለኝ። እውነቱን ነው አልኩ። ሁለት የቀን ሠራተኞች ለአራት ቀን ከወንዙ ውስጥ ትልልቁን ድንጋይ እየለቀሙ አወጡ። ከግንቡ ጀርባ ያለውን ባዶ ደግሞ ሰፈር ውስጥ በፈረሰ ቤት ፍርስራሽ ሞላሁት፤ ነፃ ነበር፣ እንዲያውም አመሰገኑኝ። ለውሃ ማስተንፈሻ ቀዳዳ እንተውለት ወይ ሲለኝ "አይ፣ ወንዙ በዚያ ይገባል" አልኩት። እኔ ነኝ ያልኩት። እሱ ጠይቆኛል፣ እዚህ ላይ አልዋሽም።

ግንቡ ሲያልቅ እንደ ምሽግ ነበር። እማዬ ሰው በመጣ ቁጥር ወደ ጓሮ ወስዳ ታሳያለች።

ሐምሌ ላይ መጀመሪያ የተጎዱት የታች ጎረቤታችን እትዬ ናቸው። ግንቤ የሚያልቅበት ቦታ ላይ፣ ልክ ከጫፉ ቀጥሎ፣ የእሳቸው ጥግ በማንኪያ እንደተዛቀ ሆኖ ጠፋ። ከዚያ በፊት ሠላሳ ዓመት ምንም ያልሆነ ቦታ ነው። እትዬ አልተቆጡም። አጥር ላይ ቆመው "ልጄ፣ ያንተ ግንብ ወንዙን ወደ እኔ ገፋው መሰለኝ" አሉኝ። "የዝናቡ ብዛት ነው እትዬ" አልኳቸው። ነሐሴ ላይ ደግሞ የራሴ ግንብ መሃሉ አበጠ። ሆዱን የነፋ ሰው መሰለ። ሦስት ቀን እንዲህ ቆይቶ ወደ ፊት ተደፋ። ከኋላው ሲወጣ ያየሁት ውሃ ጥቁር፣ የታሸገ ውሃ ነው። የወንዝ ውሃ አልነበረም።

በመስከረም የአክስቴ ልጅ ለእረፍት መጣ። መርከበኛ ነው፤ ቢሾፍቱ ባቦጋያ ሠልጥኖ የወጣ። እኛ ባሕር የለንም፣ ግን ባሕር ላይ የሚሠሩ ልጆች አሉን። ጓሮ ወስጄ ፍርስራሹን አሳየሁት፣ እንዲያዝንልኝ ነበር። ሳቀ። "ይሄንን እኮ የባሕር ዳርቻ ላይ ሳየው ነው የኖርኩት" አለ።

ቡና እየተፈላ የነገረኝን ልንገራችሁ። የባሕር ዳርቻ ላይ ያለ አሸዋ ቆሞ አያውቅም። ማዕበሉ ሰያፍ ስለሚመጣ አሸዋው ዳር ዳሩን ይጓዛል። አንድ ቦታ ድንጋይ ደርድራችሁ ወደ ባሕሩ ብትዘረጉ ከአንዱ ጎን አሸዋ ይከማቻል፣ ከሌላው ጎን ያለው ጎረቤት ይራባል። ቀጥ ያለ ግንብ ብትሠሩ ደግሞ ማዕበሉ ግንቡን ይመታና ጉልበቱን ወደ ታች ያወርዳል፣ የግንቡን እግር ይቆፍራል። ከፊቱ ያለው አሸዋ ይሄዳል። በመጨረሻ ግንቡ ራሱ እግሩ ራቁቱን ይቀራል። ግንቡ ያለቀበት ጫፍ ላይ ያለው መሬት ደግሞ ከበፊቱ ይበልጥ ይበላል። "እትዬ ማለት ናቸው" አለኝ። ጀበናው ላይ ያለችው እማዬ ቀና ብላ አየችኝ።

ከዚያ የግብፅን ነገር አመጣ። እስክንድርያ ወደብ ሲገቡ የሲሚንቶ ብሎኮች ተከምረው ዳርቻውን ሲጠብቁ አይቷል። ከዚያ ምሥራቅ ራሺድ የሚባል የናይል አፍ አለ። እዚያ የብሱ ባለፈው መቶ ዓመት ውስጥ በኪሎ ሜትር ወደ ኋላ ሸሽቷል። ምክንያቱ ሩቅ አይደለም። የናይል ዴልታ፣ ማለትም ወንዙ ባሕር ሲገባ የሚዘረጋው ሜዳ፣ የተሠራው በደለል ነው፣ ደለሉም አብዛኛው ከእኛ ተራሮች በአባይና በተከዜ የወረደ ነው። የአስዋን ትልቁ ግድብ እ.ኤ.አ. በ1970 ሲያልቅ ደለሉ ከግድቡ ኋላ ባለው ሐይቅ ውስጥ መቀመጥ ጀመረ። ባሕሩ መውሰዱን አላቆመም፤ ወንዙ ግን መስጠቱን አቆመ። ግብፆች ራሺድ ላይ የባሕር ግንብ ሠሩ። የተሠራበት ቦታ ቆመ፤ መሸርሸሩ ግን ወደ ግንቡ ጫፎች ተዛወረ። በዚህ ላይ ዴልታው ራሱ ቀስ እያለ ይሰምጣል፣ የዓለም ባሕር ከፍታ ደግሞ እ.ኤ.አ. ከ1900 ወዲህ 20 ሴንቲ ሜትር ገደማ ጨምሯል።

ለሒሳብ ሠራተኛ ከዚህ የቀለለ ነገር የለም። ገቢ ቆሟል፣ ወጪ ቀጥሏል፣ ሒሳቡ ቀይ ሆኗል። የእኔም ደብተር እንደዚያው ነበር። ከወንዙ የለቀምኩት ድንጋይ እኮ የአፋፌን እግር የሚጠብቀው ድንጋይ ነው! ወንዙ ስንት ዓመት ሲያንከባልል አምጥቶ እዚያ ያስቀመጠው። አንስቼ ግንብ ሠራሁበት፣ እግሩን ደግሞ ባዶ አስቀረሁት። ጎርፉ የወንዙን ወለል ይበልጥ ቆፈረው፣ አፋፉም በዚያው ልክ ረዘመ። ይኼ እስከ ዛሬ ያሳፍረኛል።

እንግዲህ ወንዝ ዳር ያላችሁ ሰዎች፣ ከወንዙ ድንጋይም ሆነ አሸዋ አታውጡ። ሌላውም ሲያወጣ ዝም አትበሉ። ሰፈራችን ውስጥ በጋ በመጣ ቁጥር ጥቂት ጆንያ አሸዋ የሚያወጡ ልጆች አሉ፤ ለዕለት ጉርሳቸው ነው፣ ክፉ ማለት ከባድ ነው። እኛ ያደረግነው አነጋግረናቸው፣ ኋላ የጋቢዮኑ፣ ማለትም በድንጋይ የሚሞላው የሽቦ ሳጥን፣ ሥራ ሲመጣ እነሱን መቅጠር ነበር።

የአክስቴ ልጅ ከመሄዱ በፊት ያደረግነው ሌላ ነገር አለ፤ ከሁሉም ያስተማረኝ ይኸኛው ነው። ያ ከግንቡ ኋላ የወጣው ጥቁር ውሃ ከየት መጣ? እሱ "ከራሳችሁ ነው" አለ። እኔ ደግሞ አይደለም አልኩ። የወጥ ቤታችን የእጣቢ ውሃ በትንሽ ቦይ ሄዶ ጓሮ ላይ አንዲት ጉድጓድ ውስጥ ይገባል። አባዬ በሕይወት እያለ የቆፈራት ናት። ከመርካቶ ሰማያዊ የጨርቅ ማቅለሚያ ገዛን፣ በሁለት ጀሪካን ውሃ በጠበጥንና ቦዩ ውስጥ ደፋነው። ከዚያ ወንዙን ተሻግረን ፊት ለፊት ተቀመጥን። በጋ እየገባ ስለነበር አፋፉ ደርቋል። ሠላሳ ደቂቃ ምንም የለም። እሱ ስልኩን ያያል፣ እኔ አሸነፍኩ ብያለሁ። አርባ ደቂቃ ገደማ ሲሆን፣ ከጠርዙ ሁለት ሜትር ዝቅ ብሎ፣ ቀዩ አፈር ላይ አንዲት እርጥብ ነጥብ ታየች። እንደ ላብ ነው የጀመረችው። ከዚያ ወረደች። ሰማያዊ ናት።

ዝም ብለን አየናት። ለካ ለሃያ ምናምን ዓመት በየቀኑ አፋፉን ከውስጥ ስናጠጣው ነው የኖርነው።

በማግስቱ ጣራውን ቆጠርኩ። ቤቱና ወጥ ቤቱ አንድ ላይ 80 ካሬ ገደማ ቆርቆሮ ነው። በ80 ካሬ ላይ 1 ሚሊ ሜትር ዝናብ ማለት 80 ሊትር ውሃ ነው። አንድ የነሐሴ ከሰዓት 40 ሚሊ ሜትር ቢዘንብ 3,200 ሊትር ይሆናል፤ አሥራ ስድስት በርሜል። የእኛ አሸንዳ ይህንን ሁሉ ሰብስቦ የት ይደፋዋል? ጓሮ፣ ከጠርዙ አንድ ሜትር ላይ። አዲስ አበባ በዓመት ከ1,000 ሚሊ ሜትር በላይ ይዘንባል፣ አብዛኛው ደግሞ ከሰኔ እስከ መስከረም። ማባዛቱን ለእናንተ ትቻለሁ።

ስለዚህ የጠላቴን ግማሽ ራሴ ነኝ የቀለብኩት። ወንዙን እሰድበው ነበር።

ከዚህ በኋላ ያለው ሥራ ቅደም ተከተሉ ተገለባበጠ። ግንብ መጨረሻ ሆነ፣ ውሃ መጀመሪያ። አሸንዳውን አዙረን በቱቦ ወደ መንገዱ ቦይ ላክነው። የእጣቢውን ጉድጓድ ደፍነን መስመሩን ወደ ፊት ለፊት አዞርነው። የሽንት ቤቱ ጉድጓድ ከአፋፉ ራቅ ያለ ስለነበር ተረፍን፤ የእናንተ ጠርዝ ላይ ከሆነ ከሁሉ በፊት እሱን አስቡ። የቧንቧውንም ቆጣሪ እዩ። ማታ ሁሉንም ዘግታችሁ ቁጥሩን ጻፉ፣ ጠዋት ከተቀየረ የሆነ ቦታ ያፈሳል ማለት ነው። የእኛ አላፈሰሰም። የእትዬ ግን ያፈስ ነበር።

ፍርስራሹን ማውጣት ደግሞ ከመሙላቱ እጥፍ ፈጀ። ሰው "ሙሌት ነው፣ መሬት ይጨምራል" ይላል። ጠርዝ ላይ የተደፋ አፈርና ፍርስራሽ መሬት አይጨምርም፤ ክብደት ነው የሚጨምረው። ውሃም እንደ ወንፊት ያሳልፋል።

ከእማዬ ጋር የተጣላነው እዚህ ላይ ነው። አንድ መሐንዲስ ለአንድ ቀን ከፍለን አምጥተን ነበር። (ይህንን ገንዘብ አትሰስቱ። እኔ ግንቡ ላይ ካወጣሁት አንድ አሥረኛ አይሆንም።) አፋፉን ካየ በኋላ "ቀጥ ብሎ አይቆምም፣ ወደ ኋላ ማጋደል አለብን" አለ። ማለትም ከጊቢያችን ሌላ ሦስት ሜትር በገዛ እጃችን ቆርጠን ተዳፋት ማድረግ። እማዬ ጤና አዳሟ፣ ጌሾዋና ኮሰረቷ ያሉት እዚያ ነው። "ወንዙ የወሰደው አይበቃም? አንተ ደግሞ ትጨምርለት?" አለችኝ። ሁለት ሳምንት በትክክል አላናገረችኝም። ጌሾውን ነቅዬ ፊት ለፊት ስተክል ቆማ አየችኝና "ሥሩን ቆረጥከው" አለች። ቆርጬው ነበር። አንዱ ደረቀ፣ ሁለቱ ጸደቁ።

አፋፉ ላይ የነበረው ባሕር ዛፍም ተቆረጠ። እኔ እሱ አፈሩን ይይዛል ብዬ ነበር የማምነው። ትንንሽ ተክል ይይዛል፤ ጠርዝ ላይ የቆመ ትልቅ ባሕር ዛፍ ግን ነፋስ ሲመታው እንደ መፈንቅል ነው፣ ሲወድቅም አፈሩን ይዞ ነው የሚሄደው። ከመሠረቱ ሳንነቅል ጉቶውን ትተን ቆረጥነው፣ ሥሩ ለጊዜው እንዲይዝ። በነገራችን ላይ ከአውስትራሊያ ባሕር ተሻግሮ የመጣ ዛፍ ስለሆነ ነው ባሕር ዛፍ የተባለው። የጊቢያችን ብቸኛ የባሕር ዕቃ እሱ ነበር።

በግንቡ ፋንታ ያሰብነው ጋቢዮን ደግሞ የብቻ ሥራ አይደለም። እኔ ብቻዬን ብሠራ እትዬን እንደገና መብላቴ ነው። ስለዚህ በእድር ስብሰባ ላይ አነሳሁት። አምስት ጊቢ ወንዝ ይነካል። አንዱ "ዛሬ ነገ የወንዝ ዳር ልማት ይመጣል፣ ምን ገንዘብ እናፈሳለን" አለ። አንዱ "የእኔ ጊቢ ምንም አልሆነም" አለ፤ እትዬ "የእኔም አልሆነም ነበር" አሏቸው። ከሦስት ስብሰባ በኋላ አራቱ ተስማሙ። ወረዳ ሄደን ጠየቅን፣ ወንዝ ዳር ያለ ፈቃድ ምንም መሥራት አይቻልም፤ ጊዜ ይወስዳል፣ ከጥቅምት ጀምሩት። ታኅሣሥ ከደረሳችሁ ክረምቱ ይቀድማችኋል።

ሥራው የተጀመረው ጥር 2015 ነው። የጋቢዮን ጥሩነቱ ውሃ ያሳልፋል፣ መሬቱ ትንሽ ቢቀመጥ አብሮ ይቀመጣል፣ እንደ ግንብ አይሰነጠቅም። ነገር ግን የተሠራበት መንገድ ነው ዋናው። መሐንዲሱ አራት ነገር ላይ ድርቅ ብሎ ነበር፣ አሁን ገብቶኛል። የመጀመሪያውን ሳጥን ከወንዙ ወለል አንድ ሜትር ዝቅ አድርገን ነው የቀበርነው፣ ወንዙ እግሩን ሲቆፍር እንዳይደርስበት። ከኋላው ውሃ የሚያሳልፍ አፈር ግን የማያሳልፍ ጨርቅ አለበስነው፤ ጂኦቴክስታይል ይሉታል። ድንጋዩን በአካፋ አልደፋነውም፣ በእጅ ነው የደረደርነው፣ ከሽቦው ቀዳዳ የሚበልጥ ድንጋይ ብቻ። ድንጋዩ ከድንጋይ ካባ በመኪና የመጣ ነው፤ ከዚያ በአህያና በሰው ትከሻ። የሁለቱንም ጫፍ ደግሞ ወደ አፋፉ ውስጥ አጥፈን አስገባነው። ጫፉ ክፍት ከሆነ ወንዙ ዞሮ ከኋላ ይገባል። ራሺድን አስታወሰኝ።

ተዳፋቱ ላይ ቬቲቨር ሳር ተከልን። ይህ ሳር ወደ አገራችን የገባው በጅማ የቡና ምርምር በኩል ነው። ሥሩ ወደ ጎን አይሄድም፣ ቁልቁል ነው የሚወርደው፤ ሦስት ሜትርና ከዚያም በላይ ይደርሳል። ዘር አያፈራም፣ ስለዚህ እንደ አረም አይሰራጭም። ከእናቱ እየገነጠላችሁ፣ በ10 ወይም 15 ሴንቲ ሜትር ርቀት፣ አፋፉን አግድም ተከትላችሁ በመስመር ትተክላላችሁ። ከላይ ወደ ታች መስመር ከሠራችሁ ለውሃ ቦይ መቆፈር ነው። ጊዜው ሰኔ ነው፣ ዝናቡ ሲይዝ። እኛ ቸኩለን ግንቦት መጀመሪያ ላይ ተከልንና ግማሹ ደረቀ። የቀረውን ደግሞ የአንድ ጎረቤት በግ ገብቶ ጫፍ ጫፉን ጋጠው። ሰኔ ላይ እንደገና ተከልን፣ በዚህ ጊዜ አጥር አጥረን። በጉ በዚያ ዓመት ለእንቁጣጣሽ ታረደ፤ እኔ ምንም የለሁበትም።

የመጀመሪያው ክረምት ላይ ሳሩ ምንም አይመስልም፣ የተነቀለ ፀጉር ነው። ሁለተኛው ላይ መስመሮቹ ተገጣጠሙ። አሁን በ2017 ነሐሴ ከወገቤ በላይ ነው፣ ውሃ ሲወርድ ደለሉን እያንዳንዱ መስመር ኋላ ይዞ ያስቀራል። ትንንሽ እርከን ሠርቷል። በዓመት ሁለት ጊዜ እናጭደዋለን፣ እማዬ ለቡና ትጎዘጉዘዋለች።

ሁሉም ተስተካክሏል ማለቴ አይደለም። ያልተስማማው አምስተኛው ጊቢ ከእኛ በላይ ነው፣ ባለፈው ዓመት አንድ ጥግ ሄዶበታል። ፕላስቲክ አሁንም ድልድዩ ሥር ተጠቅጥቆ ወንዙን ወደ አፋፉ ያዞረዋል፤ ክረምት ሳይገባ በእድር እንወጣለን፣ ሁልጊዜ የምንመጣው ግን እነዚያው ሰባት ሰዎች ነን። ከእኛ የወረደው አፈር ደግሞ ባሕር አያይም። ግንፍሌ ቀበና ይገባል፣ ቀበና አቃቂ፣ አቃቂ አዋሽ፣ አዋሽ ደግሞ አፋር በረሃ ላይ አቤ ሐይቅ ገብቶ ያልቃል። በመንገዱ ላይ የአባ ሳሙኤል ግድብ አለ፣ በደለል ሲሞላ የኖረ። የእማዬ የመጀመሪያ ልብስ ማስጫ ብረት እዚያ አካባቢ ይሆናል ብዬ አስባለሁ አንዳንዴ።

ዘንድሮም የቡሄ ማግስት ለካሁ። ከቤቱ ግድግዳ እስከ ተዳፋቱ አናት 6 ሜትር ከ40። በሰኔም 6 ከ40 ነበር፣ አምና ነሐሴም 6 ከ40። ደብተሩን ለእማዬ አሳየኋት። መነጽሯን አድርጋ ሦስቱንም ቁጥር አነበበች። ከዚያ "እሺ፣ እንግዲያው ልብስ ማስጫዬን ወደ ቦታው መልስልኝ፣ ፊት ለፊት ፀሐይ የለም" አለች። አይሆንም አልኳት። እስካሁን እየተከራከርን ነው።